‹‹አይደለሁም›› ለማለት ወደ አዊ

ይህን የምጽፈው የአዊን ዋና ከተማ እንጅባራን ላላዩና ምናልባትም ለማያዩ ሰዎች ነው። አገሩን የሚያውቅ ሰው ባያነበው እመርጣለሁ፤ ‹‹ጉሙን አበዛኸው፣ ድንቹን አሳነስከው›› ብሎ ይሞግተኛል። እኔም ብሆን ከተመለስኩ ወዲህ የትኛውን በዓይኔ እንዳየሁ፣ የትኛውንስ አውቶቡስ ውስጥ ተኝቼ እንዳለምኩ እርግጠኛ አይደለሁም።

የፊልም ተዋናይ ነኝ። ስሜን ብነግራችሁ አታውቁትም፤ ፊቴን ስታዩ ግን ‹‹ይሄን ሰውዬ የት ነው የማውቀው?›› ትላላችሁ። በር የሚከፍተው ዘበኛ እኔ ነኝ። ጌታውን ከድቶ በመጨረሻ በጥይት የሚመታውም እኔ ነኝ። ሥራ በሌለኝ ጊዜ፣ ማለትም ብዙውን ጊዜ፣ እጽፋለሁ። በምጽፋቸው ፊልሞች ውስጥ ለራሴ ረጃጅም ንግግር እሰጣለሁ። ፕሮዲውሰሮቹ ያነቡና ‹‹ቆንጆ ነው፣ እንደዋወላለን›› ይሉኛል። እስካሁን አልተደዋወልንም።

የደወለልኝ ሌላ ሰው ነው። ይግዛው ይባላል፣ ዳንግላ ውስጥ ባጃጅ የሚነዳ ወጣት። ቁጥሬን ከሰው ሰው እየጠየቀ ነው ያገኘው። ‹‹ጋሼ፣ ይቅርታ ያድርጉልኝና፣ እናቴ እርስዎን ልጄ ነው ትላለች›› አለኝ። መጀመሪያ የሚቀልድ ጓደኛ መስሎኝ ነበር።

ነገሩ እንዲህ ነው። ታላቅ ወንድሙ ምንይችል ለሰሊጥ አጨዳ ወደ ሁመራ ወርዶ ቀረ። አብሮት የወረደ የመንደራቸው ሰው ተመልሶ ‹‹ወባ ገደለው፣ በእጄ ነው የቀበርኩት›› ብሎ መሰከረ። ቤተሰቡም ለቅሶ ሊቀመጥ ቀን ቆረጠ። በዚያው ሰሞን እናቲቱ እንጅባራ ዘመድ ሊጠይቁ ሄደው፣ እዚያ ቤት ከሲዲ የሚታይ ፊልም አዩ። ሁለት ፍቅረኞች መናኸሪያ ውስጥ ሲሰነባበቱ፣ ከኋላቸው አንድ ተሸካሚ ጆንያ ያነሣል፣ ይንገዳገዳል፣ ይስቃል፣ ያልፋል። ያ ተሸካሚ እኔ ነኝ። እናት ‹‹ልጄ!›› ብለው ከመቀመጫቸው ተነሡ። ለቅሶው ቀረ፣ ፍትሐቱም ቀረ፤ ይኸው ዓመታት አለፉ።

ስለዚያች ሳቅ እውነቱን ልናገር። ጆንያው ውስጥ የነበረው ጭድ ነው። እህል መስሎኝ ወገቤን አጥብቄ ባነሣው እንደ ላባ ብድግ አለ፤ ወደ ኋላ ልወድቅ ስል ሳቄ አመለጠኝ። ዳይሬክተሩ ወደደውና ተወው። ንግግር አልነበረኝም።

‹‹መጥተው ‹አይደለሁም› ይበሏት›› አለ ይግዛው። ‹‹እኛ ብንላት አትሰማም። የወንድሜ ሚስትም አለች፤ እሱን ስትጠብቅ ወጣትነቷ እያለፈ ነው። ባሏ ሳይለቀስ እንዴት ትዳር ትያዝ?›› ሥራ አልነበረኝም። ደግሞም ውስጤ ያለው ደራሲ ጆሮውን አቁሟል። እሺ አልኩ። እንዲህ ሆኖ ነው አንዲት ዓረፍተ ነገር ለመናገር ያን ሁሉ መንገድ የሄድኩት።

የመጀመሪያው ቀን

አውቶቡሱ ሳይነጋ ተነሣ። አዲስ አበባ ገና ተኝታለች፤ እኔም ወንበሬ ላይ ሆኜ ተከተልኳት። ዓይኔን ስገልጥ ዓባይ በረሃ ውስጥ ነን፤ ረዳቱ መጋረጃ ዝጉ ይላል፣ ሕፃን ያለቅሳል፣ ገደሉ ከመስኮቱ በላይ ቆሟል። እንደገና ተኛሁ። ደብረ ማርቆስ ለምሳ ወርደን የበላሁት ሽሮ ከቤቴ ሽሮ በበርበሬ ይበልጥ ነበርና እንባዬን እየጠረግኩ ተመለስኩ።

ከምሳ በኋላ ሾፌሩ ፊልም ከፈተ። ዕድሌ ሆኖ የምገደልበት ፊልም ነው። አጠገቤ የተቀመጡ ጋቢ የደረቡ አዛውንት አፋቸውን ከፍተው ሲያዩ ቆዩና፣ ከሃዲው በጥይት ሲመታ ‹‹እሰይ! የእጁን አገኘ!›› ብለው ጭናቸውን መቱ። ከዚያ ዞር ብለው አዩኝ። ቴሌቪዥኑን አዩ። እንደገና እኔን አዩ። ምንም ሳይጠይቁ ከኪሳቸው የገብስ ቆሎ ዘግነው መዳፌ ላይ አደረጉልኝና ‹‹እንኳን ተረፍህ›› አሉኝ። እስከ ቡሬ ድረስ ቆሎ እየቆረጠምን ሄድን።

ከቡሬ ወዲያ አየሩ ሌላ ነው። መስከረም እያለቀ ቢሆንም ክረምቱ ከዚያ አገር አልወጣም። ጥሊሊ ላይ ገበያ ተበትኖ ሰው ወደየቤቱ ሲጓዝ ደረስን። ከጉሙ ውስጥ መጀመሪያ የፈረስ ጆሮ፣ ቀጥሎ ጋሪ፣ ቀጥሎ ሰው ብቅ ይላል። በእኛ ሰፈር ፈረስ የሚታየው አልፎ አልፎ ነው፤ እዚህ እንደ ጎረቤት በየደጁ ቆሟል። ራሴን መስኮቱ ላይ አስደግፌ፣ ይህን አገር ከዚህ በፊት አይቼው እንደሆነ ለማስታወስ ሞከርኩ። አላየሁትም።

እንጅባራ ስንገባ ካፊያ ነበር። ይግዛው መናኸሪያው በር ላይ ጃንጥላ ይዞ ቆሟል። ፊቴን ሲያይ አንድ እርምጃ ወደ ኋላ አለ።

‹‹ምነው?›› አልኩት።

‹‹ምንም፣ ጋሼ። በፊልሙ ላይ ይህን ያህል አይመስሉትም ነበር።››

ያን ጊዜ ነው ነገሩ የከበደኝ። እስከዚያ ድረስ የአንዲት አሮጊት ስህተት ነበር የመሰለኝ።

ያደርኩበት አልጋ ቤት ባለቤት ሁለት ብርድ ልብስ ሰጠችኝ። ጥቂት ቆይታ ሦስተኛ ይዛ መጣች፤ ‹‹ያዲሳባ ሰው ብርድ አይችልም›› አለች። ቀጥላ ቅቅል ድንች በአዋዜ፣ ቀጥላ የእግር መታጠቢያ የሞቀ ውኃ። ከተማዬ ውስጥ እንዲህ የሚያደርግልኝ የአልጋ ቤት ሰው ቢመጣ ምን ሊሸጥልኝ ነው ብዬ እጠረጥራለሁ። ቆርቆሮው ላይ ዝናቡ ሲወርድ ንግግሬን ተለማመድኩ። ‹‹እማማ፣ እኔ ምንይችል አይደለሁም።›› በሐዘን አልኩት። በትሕትና አልኩት። ፈጠን አድርጌ አልኩት። አንዱም አልጣመኝም፤ እንቅልፍ ይዞኝ ሄደ።

ሁለተኛው ቀን

ይግዛው እናቱን ከማየቴ በፊት አጎቱን እንዳገኝ ፈለገ። አያ ደሴ የእናቱ ታላቅ ወንድም ናቸው፣ ዳንግላ ነው የሚኖሩት። ያለ እሳቸው ቃል በዚያ ቤት ለቅሶም ሠርግም አይቆረጥም።

በሚኒባስ ሄድን። ከመንገዱ ግራና ቀኝ ዛፍ ነው፤ ዲከረንስ ይሉታል። ቁመቱ እኩል፣ ረድፉ እንደ ማበጠሪያ ጥርስ። መኪናው ሲሮጥ በረድፎቹ መካከል ያለው መንገድ ይከፈትና ይዘጋል፣ ይከፈትና ይዘጋል፤ ጫፉ ላይ ሁልጊዜ አንድ ሰው የቆመ ይመስለኛል። ከዛፉ ውስጥ የከሰል ጭስ ቀስ ብሎ ይወጣና ከጉሙ ጋር ይቀላቀላል። ‹‹ይህ ሁሉ ገብስና ጤፍ ነበር›› አለ ይግዛው። ‹‹አሁን ሰው ዛፉን ይቆርጣል፣ ያከስላል፣ መልሶ ይተክላል። ከሰሉ እናንተው ጋ ነው የሚመጣ።›› አዲስ አበባ በረንዳዬ ላይ ያለችው የከሰል ምድጃ ትዝ አለችኝ።

ዳንግላ ከእንጅባራ ትሞቃለች፤ ቢያንስ ጥርስ አያንቀጫቅጭም። ቁርስ ልንበላ የገባንበት ቤት ያለች ሴት ገና ሳትታዘዝ ወገቧን ይዛ ቆመችብኝ።

‹‹ያሳደገህን ሰውየ ያስገደልህ አንተ አይደለህም?››

‹‹ፊልም ነው እኮ፣ እህቴ።››

‹‹ፊልም መሆኑንማ አውቃለሁ። ግን ጨክነህ ነበር።››

ለይግዛው ሞልታ፣ ለእኔ ጎደል ያለ ፍርፍር አመጣች። ይግዛው አፈረ፣ እኔ ደግሞ በልቼ ጨረስኩ። ልንወጣ ስንል ዳቦና ማር በሳህን ይዛ ተመለሰች። ‹‹ፍርፍሩ ለዚያ ሰውየ ነው›› አለችኝ። ‹‹ይሄ ላንተ ነው፣ ብላ።›› በሙያዬ ላይ ከዚያ የተሻለ ትችት ሰምቼ አላውቅም።

አያ ደሴ መደብ ላይ ተቀምጠው ፀሐይ ሲሞቁ አገኘናቸው። አንድ ዓይናቸው ሞራ ለብሷል። በደኅናው ዓይናቸው ረጅም ጊዜ አዩኝ።

‹‹ትመስላለህ›› አሉ በመጨረሻ። ‹‹መምሰል ኃጢአት አይደለም። ነገር ግን ነገ እህቴ አንገትህ ላይ ስትጠመጠም አንጀትህ እንዳይላወስ። ‹ነኝ› ካልሃት ዛሬን ትደሰታለች። ስትሄድባት ግን ሁለተኛ ትቀብረዋለች። አንድ ሰው ሁለት ጊዜ አይቀበርም፣ ልጄ።››

ሽማግሌው ምን እንዳሰብኩ በምን እንዳወቁ እንጃ። በእርግጥም አስቤው ነበር። ጥቂት ቀን ልጅ ሆኖ መቀመጥ ለተዋናይ ምን ይከብዳል? ሚኒባሱ ውስጥ ሆኜ ንግግሩን ሁሉ ጽፌ ጨርሼዋለሁ፤ የት እንደቆየሁ፣ ለምን እንዳልላክሁ፣ መቼ ተመልሼ እንደምመጣ። ከጻፍኳቸው ሁሉ እንደዚያ ያማረኝ የለም። አያ ደሴ ፊት ላይ ግን ውሉ ጠፋብኝ።

‹‹‹ነኝ› አልላትም›› አልኳቸው። ‹‹እግዜር ያጽናህ›› ብለው ጠላ አስቀዱልኝ።

ሦስተኛው ቀን

መንደሩ ዘንገና ሐይቅ አካባቢ ነው። ሐይቁን ከመንገዱ እንደ ወረድን በዛፎች መካከል አየሁት፤ ክብ፣ አረንጓዴ፣ ነፋስ ያልነካው። ሐይቅ ብዬ የማውቀው ጀልባና አሣ ጥብስ ያለበትን ነው። ይህኛው የሰው ድምፅ የሚሰማ አይመስልም። ቆሜ ሳየው ከሩቅ የመጣሁበት ጉዳይ ከአእምሮዬ ወጣ፤ ይግዛው ክንዴን እስኪነካኝ ድረስ እንደቆምኩ ቀረሁ።

ከዚያ ጭቃው ጫማዬን ዋጠው። እግሬ ወጣ፣ ጫማዬ ቀረ። ከኋላችን ትመጣ የነበረች ሴት ሸክሟን አስቀምጣ፣ እጇን እስከ ክርኗ ከትታ ጎትታ አወጣችው፣ በሣር ጠርጋ ሰጠችኝ። ሳመሰግናት ፊቴን አየችና ሳታማትብ አልሄደችም።

ዛፉ ሁለቱንም ወገን እንደ ግድግዳ ይዞን ሲሄድ ቆይቶ በድንገት ተከፈተ። አንዲት የገብስ ማሳ፣ ከዳር እስከ ዳር አረንጓዴ።

‹‹የኛ ናት›› አለ ይግዛው። ‹‹ዛፍ እንዳንተክልባት እማየ ከለከለች። ምንይችል ሲሄድ ይህ ዛፍ አልነበረም። ‹ሲመጣ አገሩ ጠፍቶበት በደጁ ያልፋል፤ ማሳዋን አይቶ ቤቱን ይወቅ› ትላለች።››

መሄድ አቃተኝ። ይግዛው ጫማው እየቆነጠጠኝ መስሎት ዘንግ ቆርጦ ሰጠኝ።

ቤቱ ከማሳው ራስጌ ነው፤ አሮጌ፣ በሩ ዝቅ ያለ። ውሻው ጮኸ። ከውስጥ አንድ ድምፅ ‹‹ማን ነው? ግባ!›› አለ፣ ደከም ያለ ነገር ግን ጥርት ያለ። ንግግሬን በምላሴ ላይ ይዤ፣ ቸኩዬ ገባሁ። ጉበኑ ግንባሬን አገኘው።

እንዲህ ዓይነት ምት በፊልም ተመትቼ አላውቅም። ቁጢጥ ብዬ ደጃፉ ላይ ተቀመጥኩ። ዓይኔን ስገልጥ አንዲት ቀጭን ሴት ከላዬ ጎንበስ ብለዋል፤ እማማ ጥሩአለም። ይሄን ጊዜ ይጮሃሉ፣ ይጠመጠሙብኛል ብዬ ጠበቅኩ። እሳቸው ግን ዞረው ገቡና ቅቤ በጣታቸው ይዘው መጡ፣ እብጠቱን ቀቡልኝ። የሚያዩት እኔን ሳይሆን ጉበኑን ነበር።

‹‹ልጄ እዚህ ቤት ነው የተወለደ›› አሉ። ‹‹ቁመቱ ይችን እንጨት ካለፈ ጀምሮ ጎንበስ ብሎ ነው የሚገባ። ጨለማም ቢሆን፣ ጠላ ጠጥቶም ቢሆን፣ ዐይኑን ጨፍኖም ቢሆን።››

‹‹እማማ፣ እኔ…›› ብዬ ጀመርኩ።

‹‹ተወው። አትናገረው። ሰምቸዋለሁ።››

ንግግሬ እንደ ወትሮው ተቆረጠ። እንዲህ ግን ተቆርጦብኝ አያውቅም። እንባዬ መጣ፤ በግንባሬ አሳበብኩ። እሳቸው አላለቀሱም። አስገብተው መደቡ ላይ አስቀመጡኝ፣ ‹‹እንግዳ ነህ›› ብለው እግሬን በሞቀ ውኃ አጠቡኝ፣ እኔ ‹‹ይተዉ እማማ፣ በሞቴ›› እያልኩ እግሬን ስጎትት እሳቸው እየሳቡ። ድንችና እርጎ ቀረበ። ከበላሁ በኋላ ወደ ይግዛው ዞር ብለው ‹‹ደሴን ጥራው›› አሉት። ለቅሶው ሊቆረጥ መሆኑ ገባን። ይግዛው ኔትወርክ ፍለጋ ወደ ተረተሩ ወጣ።

የምንይችል ሚስት የሺ በጄሪካን ውኃ ይዛ የገባችው ያን ጊዜ ነው። ሰላም አለችኝ፣ ቀና ብላ ግን አላየችኝም። አማቷ ለከብቶቹ ሲወጡ ጠየቅኳት።

‹‹አንቺ ፊልሙን አይተሽው ነበር?››

‹‹አይቸዋለሁ።››

‹‹እሱ መስሎሽ ነበር?››

‹‹ባሌን አላውቀውም እንዴ? ገና ጆንያውን ሳያነሡት ነው ያወቅሁት።››

‹‹ታዲያ ለምን አልነገርሻቸውም?››

ጄሪካኑን ወለሉ ላይ አስቀመጠች። ‹‹ሚስት ‹አይደለም› ካለች ‹መሄድ አምሯት ነው› ትባላለች። ይበሉኝ፣ ግድ የለኝም። ግን እሷ ያችን ቃል ከኔ አፍ እንድትሰማ አልፈለግሁም። እዚህ ቤት ያለነው እኔና እሷ ነን። እርስዎ እንግዳ ነዎት፣ ተናግረው ይሄዳሉ።››

ከዚያም ነጠላዋን አፏ ላይ ይዛ ማልቀስ ጀመረች፤ ድምፅ የለውም። አጠገቧ ተቀመጥኩ።

አራተኛው ቀን

ሰው ከየዛፉ መካከል ይወጣ ነበር። ነጠላ የለበሱ ሴቶች፣ ዱላ የያዙ ወንዶች፣ ካህናት በጥላ። አዲስ አበባ ለቅሶ በድንኳንና በወንበር ነው፤ ዘግይቶ የመጣ ስልኩን ዘግቶ ይቀመጣል። እዚህ ሜዳው ነው ድንኳኑ። አንድ ጎረቤት ፈረሱን ጭኖ አመጣ፤ የምንይችል ፈረስ ባለቤቱ ከሄደ በኋላ ሞቷል። ኮርቻው ላይ የሟቹን ቡልኮና ዱላ አስቀመጡ፣ ፈረሱን ሜዳውን እየዞሩ ሳቡት። ፈረሱ ላይ ማንም የለም። ጉሙ ሲያልፍ ግን ቡልኮው ትከሻ ያለው ይመስል ነበር።

አያ ደሴ በተዋስኩት ጋቢ ፊቴን እስከ ዓይኔ አስሸፈኑኝና አጠገባቸው አቆሙኝ። ‹‹የሚያለቅሱለትን ፊት ሰው መካከል ቁሞ ካዩት ይደነግጣሉ›› አሉኝ። በፊልም ብዙ ጊዜ ሞቻለሁ፤ ከሞትኩ በኋላ ግን ቦታው ላይ ቆይቼ አላውቅም፣ ‹‹ተነሥ፣ ጨርሰናል›› ይሉኛል። እዚያ ሜዳ ላይ ግን የራሴን ለቅሶ ከሩቅ የማይ መሰለኝ። ለካሜራ ሳለቅስ ሽንኩርት ነበር የምይዘው። ያን ቀን ሽንኩርት አላስፈለገኝም።

እማማ ጥሩአለም ሙሾውን ያወረዱት በአገውኛ ነው። አንድ ቃል አልገባኝም። ድምፃቸው ይወጣል፣ ጥግ ሲደርስ ይሰበራል፣ ሴቶቹ ይቀበሉታል። ይግዛውን ምን እያሉ እንደሆነ ጠየቅኩት።

‹‹የቀበረውን ሰውየ እያመሰገነችው ነው›› አለኝ አፍንጫውን እየጠረገ። ‹‹‹እኔ ሳልኖር አፈር ያለበስህልኝ እጅ፣ ብድርህን ይክፈልህ› ትላለች።››

ያ ሰው ከሜዳው ዳር ተቀምጦ ነበር። እውነት ተናግሮ ያን ያህል ጊዜ ሳይታመን የኖረ ሰው ነው። ይህን ሲሰማ ፊቱን በሁለት እጁ ሸፈነ። የሺ ከአማቷ ጎን ቆማ ደረቷን ትመታ ነበር፤ ለመጀመሪያ ጊዜ ድምፅ አውጥታ ስታለቅስ ሰማኋት።

አምስተኛው ቀን

ለቀስተኛው ገና እየመጣ ነበርና ይቅርታ ጠይቄ በጠዋት ተነሣሁ። እማማ ጥሩአለም ‹‹እስከ መንገዱ እሸኘዋለሁ›› አሉ። ሐዘንተኛ ከቤት አይወጣም ብለው ሰዎች ቢለምኗቸውም እምቢ አሉ። ይግዛው ድንች የሞላ ከረጢት ተሸክሞ ከኋላችን ይመጣል፤ አልፈልግም ማለት እዚያ አገር ስድብ ነው። ጠል የያዘው ሣር እግራችንን እያረጠበው አስፋልቱ ላይ ደረስን።

ሚኒባስ ስንጠብቅ እጄን ያዙ።

‹‹ትጽፋለህ አሉኝ›› አሉ።

‹‹አዎ፣ እማማ። እሞክራለሁ።››

‹‹እንግዲያ ታውቀዋለህ። ያ ባለጆንያው ልጅ… ልጄ አይደለም፣ አሁን አውቄዋለሁ። የሰው ልጅ ነው። ግን ይግዛው በስልኩ ደጋግሞ አሳይቶኛል፤ ጆንያውን ያነሣል፣ ይስቃል፣ ወዲያ ያልፋል፣ ከዚያ አይመለስም። እስከ መጨረሻው ጠብቄዋለሁ። እነዚያ ሁለቱ ብቻ ናቸው የሚታዩ። የት ሄደ?››

በሠራሁባቸው ዓመታት ሁሉ ዳይሬክተርም ሆነ ተመልካች፣ እኔም ራሴ፣ ከምስሉ ስወጣ የት እንደምሄድ ጠይቀን አናውቅም። ከምስሉ ስወጣ የምሄደው ሻይ ወዳለበት ነበር።

‹‹ጆንያውን አውቶቡስ ላይ ጫነ›› አልኳቸው።

‹‹ከዚያስ?››

‹‹ከዚያ የዕለት ሥራው አለቀ። እጁን ታጠበ። ወደ አገሩ የሚሄድ መኪና ጠየቀ፣ አገኘ።››

‹‹እናት አለችው?››

‹‹አለችው።››

ከጉሙ ውስጥ ሚኒባስ መጣና ቆመ። ረዳቱ በሩን ከፍቶ ‹‹እንጅባራ! እንጅባራ!›› ይላል። ይግዛው ከረጢቱን አስገባልኝ። አንድ እግሬ መኪናው ላይ ነው፤ እማማ ጥሩአለም ግን እጄን አለቀቁም። ረዳቱ ሊቆጣ አፉን ከፈተና ፊታቸውን አይቶ ተወው።

‹‹ቤቱ ገባ?›› አሉኝ።

‹‹ገባ፣ እማማ›› አልኳቸው። ‹‹ሳይመሽበት ገባ።››